አግነስን ማን ጠየቃት?

የምትለኩት ነገር መለኪያውን አይቶ ቢቀየርስ? እኛ ኢንጂነሮች ሴንሰሩ ራሱ ውጤቱን እንዳያዛባ እንጨነቃለን። የቼዝ ጆይንት ዘጋቢ ፊልም «ፍሬሚንግ አግነስ» (እ.ኤ.አ. 2022) ይህንኑ ጥያቄ ስለ ሰው ያነሳል።

ነገሩ እንዲህ ነው፦ አግነስ የተባለች ትራንስጀንደር ወጣት በ1958 ዩሲኤልኤ ዩኒቨርሲቲ ሄደች። ቀዶ ሕክምና ለማግኘት ብላ፣ ሰውነቷ በራሱ ጊዜ የሴት እንደሆነ ተናገረች። ተመራማሪዎቹ አመኗት፤ ሕክምናውንም አገኘች። ከዓመታት በኋላ ግን ከ12 ዓመቷ ጀምሮ ለእናቷ የታዘዘ የኤስትሮጅን ክኒን ትወስድ እንደነበር ገለጠች። «ዋሸች» ማለት ቀላል ነው። እስቲ በሩ የሚከፈተው በአንድ መልስ ብቻ ቢሆን፣ እናንተስ ምን ትሉ ነበር?

ፊልሙ የሶሺዮሎጂስቱን የሃሮልድ ጋርፊንክልን ቃለ መጠይቆች እንደ ድሮ የቴሌቪዥን ቶክ ሾው አስመስሎ በጥቁርና ነጭ ያቀርባል። ጆይንት ይጠይቃል፤ ትራንስ ተዋንያን ይመልሳሉ። ቀልድ ይመስላል፤ ግን የጠያቂውን ሥልጣን ቁልጭ አድርጎ ያሳያል።

ጉድለትም አለው፦ ጥቁሯ ጆርጂያ ጨዋታዋ ገና ሲሞቅ ትቆረጣለች። ትንሽ ብትቆይ ደስ ባለኝ። ቢሆንም እዩት። ከዚያ በኋላ መጠይቅ ስታዘጋጁ፣ መልስ ሰጪው ምን እንዲል እየጠበቃችሁ እንደሆነ መጀመሪያ ራሳችሁን ጠይቁ።