መሬት የረገጠ መኪና

ሰዎች ከጌም ውስጥ ያነሱትን የመኪና ፎቶ ሲያሳዩኝ ከመኪናው በፊት የምፈልገው ካሜራው የት እንደቆመ ነው። አብዛኛውን ጊዜ ከመኪናው ኋላ፣ ከጣሪያው ከፍ ብሎ፣ ቁልቁል እያየ አገኘዋለሁ። ይህ የተጫዋቹ ቦታ ነው። ስንነዳ ከፊታችን ያለውን መንገድ አሻግረን ማየት ስላለብን ጌሙን የሠሩት ሰዎች ዓይናችንን እዚያ አስቀምጠውታል፤ ለመንዳትም ከዚያ የተሻለ ቦታ የለም። ለፎቶ ግን አይሆንም። መንገድ ዳር ቆሞ የሚያልፍ መኪና የሚያይ ሰው ዓይኑ በዚያ ከፍታ ላይ አይደለም። ግራፊክሱ የቱንም ያህል ቢያምር ተመልካቹን «ይሄማ ጌም ነው» የሚያሰኘው ብዙውን ጊዜ ይኸው ከፍታ ነው፤ ለምን እንዳለ ቢጠየቅ ግን ምክንያቱን አያገኘውም።

ስለዚህ ፎቶ ሞድ ውስጥ፣ ማለትም ጌሙ ቆሞ ፎቶ የሚነሳበት ክፍል ውስጥ፣ እንደገባችሁ ካሜራውን አውርዱት። እስከ ፊት መብራቱ፣ ካስፈለገም እስከ ቸርኬው መሃል ድረስ ይውረድ። ያን ጊዜ መኪናው ከአድማሱ በላይ ብቅ ይላል፣ ጎማው መሬቱን እንዴት እንደያዘም ይታያል። ከተጫዋቹ ቦታ የወረስነው ሌላው ነገር ሰፊው ሌንስ ነው። ጌሙ ፍጥነቱ እንዲሰማን ብሎ ዙሪያውን ሁሉ በሰፊው ያሳየናል። በዚያው ሌንስ ጠጋ ብላችሁ ካነሳችሁ የቀረበው መብራት ያብጣል፣ የኋላው አካል ይኮሰምናል። እኔ ወደ ኋላ ራቅ ብዬ ከ70 እስከ 100 ሚሊ ሜትር ባለው ሌንስ ነው የማነሳው። መኪናው ነዳፊው ያሰበለትን ቅርጽ መልሶ የሚያገኘው ያኔ ነው።

ይህን ሙያ የምለማመደው በአብዛኛው በአንድ መኪና ነው፤ በፎርዛ ሆራይዘን 5 ውስጥ ባለው የ1963 ቮልስዋገን ቢትል። እኛ ቮልስ የምንለው፣ አዲስ አበባ ውስጥ ዛሬም ዳገት ሲወጣ ድምፁን ከሩቅ የምንለየው መኪና ነው። እ.ኤ.አ. በ2021 የወጣው ይህ ጌም ሜክሲኮ ውስጥ የሚካሄድ ሲሆን ቢትል እዚያ አገር እንግዳ አይደለም። የጥንቱ ቢትል የመጨረሻው፣ 21,529,464ኛው መኪና፣ እ.ኤ.አ. ጁላይ 30 ቀን 2003 ከመገጣጠሚያው የወጣው ፑዌብላ በሚገኘው የሜክሲኮ ፋብሪካ ነበር። ሜክሲኮዎች ቮቾ ይሉታል፤ ጌሙም ውስጥ አንድ አሮጌ ቮቾ ስለማደስ የሚተርክ ክፍል አለ።

ጌሙ በውድ የሩጫ መኪና ተሞልቶ ሳለ ቢትልን የመረጥኩት ወድጄ ነው። የሩጫ መኪና በጠርዝ፣ በክንፍና በአየር ማስገቢያ የተሞላ ስለሆነ ከየትም አቅጣጫ ብታነሱት ዓይን የሚይዝ ነገር አያጣም። ቢትል እንዲህ አያግዛችሁም። ፓራፋንጎው ያበጠ፣ ኮፋኖው የተደፋ፣ ጣሪያው የጎበጠ ነው፤ ጠፍጣፋ ላሜራ የለውም ማለት ይቻላል። ብርሃኑን ካላወቃችሁበት ድቡልቡል ቀለም ብቻ ሆኖ ይቀራል፤ ካወቃችሁበት ደግሞ እያንዳንዱ ጉብታ ለብቻው ይታያል።

የሚያብረቀርቅ ነገር ፎቶ የሚያነሳ ሰው በእርግጥ የሚያነሳው በዙሪያው ያለውን ነው። የመኪና ቀለም ሁለት ንብርብር አለው፤ ከሥር ቀለሙ፣ ከላይ ብርሃን የሚያሳልፈው ቫርኒሽ። ቫርኒሹን ፊት ለፊት ስታዩት ብርሃኑን ስለሚያሳልፍ ከሥር ያለው ቀለም ይታያል፤ ዓይናችሁን ዝቅ አድርጋችሁ በገጹ ላይ አግድም ስታዩት ግን ወደ መስታወትነት ይለወጣል። ይህን የብርሃን ጠባይ በ19ኛው መቶ ዘመን በቀመር ያስቀመጠው ፈረንሳዊው ኦጉስተን ዣን ፍሬኔል ነው። የዛሬ ጌሞችም የላሜራን ነጸብራቅ ሲያሰሉ በዚያው ሕግ ላይ ይመሠረታሉ፤ ስለዚህ የፎቶ ስቱዲዮ ብልሃት እዚህም ይሠራል። ካሜራውን በኮፋኖው ቁመት ዝቅ አድርጋችሁ ብትገፉት ሰማዩ ሁሉ ኮፋኖው ላይ ይተኛል። ትንሽ ከፍ ብትሉ ሰማዩ ይጠፋና ቀለሙ ይመጣል። ቀይ ቮልስ ቀይ ሆኖ የሚታየው ወይም የምሽት ሰማይ ለብሶ የሚታየው በዚህ በጥቂት ዲግሪ ልዩነት ነው።

ከሁሉ በላይ የምከታተለው አንድ መስመር አለ። የመኪናው ጎን ከላይ ሰማዩን፣ ከታች መሬቱን ያንጸባርቃል፤ ሁለቱ የሚገናኙበት ቦታ ላይ ከፊት እስከ ኋላ የሚሄድ የብርሃንና የጥላ ወሰን ይፈጠራል። ያ ወሰን ሳይቋረጥ ከፈሰሰ የላሜራው ቅርጽ ይነበባል። ዛፍ፣ የመብራት ምሰሶና የሰዎች ግርግር ከገባበት ይቆራረጥና በሩ የተጨረማመተ ይመስላል። በዚህ ምክንያት ቮልሱን የማነሳው የሚያምር ነገር ከኋላው ባለበት ቦታ ሳይሆን ከእኔ ኋላ፣ ካሜራው በቆመበት በኩል፣ ባዶ ሜዳ ባለበት ቦታ ነው። ጀማሪዎች ሁልጊዜ ከመኪናው ጀርባ ያለውን ይመርጣሉ። ላሜራው ላይ የሚታየው ግን ከካሜራው ጀርባ ያለው ነው፤ ፎቶው የሚድነውም የሚበላሸውም እዚያ ነው።

ሰዓቱን በተመለከተ ብዙ የምለው የለኝም። ከቀኑ 6 ሰዓት ላይ ፀሐይ አናት ላይ ስትሆን ጣሪያው ይነጣል፣ ጎኑ ይጠቁራል። ጀምበር ጠልቃ ሰማዩ ገና ብርሃን ባለበት ጊዜ ግን መላው ሰማይ አንድ ትልቅ ለስላሳ መብራት ይሆናል። የፎርዛ ሠሪዎች የሜክሲኮን እውነተኛ ሰማይ ቀርጸው ስለተጠቀሙበት ይህ ሰዓት ጓናኹዋቶ ከተማ ላይ ሲደርስ ጌም መሆኑን ያስረሳል። የማስጠነቅቀው ስለ እርጥብ አስፋልት ብቻ ነው። አንዳንድ ጌሞች ነጸብራቅን የሚያሰሉት በዚያች ቅጽበት ስክሪኑ ላይ ካለው ምስል ብቻ ስለሆነ ከፍሬሙ ውጭ የቀረ ሕንፃ ኩሬው ውስጥ አይታይም፤ ነጸብራቁ መሃል መንገድ ላይ ተቆርጦ ይቀራል። የብርሃን ጨረርን መንገድ ተከትሎ የሚያሰላው ሬይ ትሬሲንግ ይህን ያስተካክላል። ሬይ ትሬሲንግ ከሌላችሁ ካሜራውን እያዞራችሁ ነጸብራቁ ሙሉ የሚሆንበትን ማዕዘን ፈልጉ።

ሌላውን የመኪና ጌም፣ ግራን ቱሪስሞን፣ የሚወዱ ጓደኞቼ ለፎቶ የእነሱ ይሻላል ብለው ይከራከሩኛል፤ ክርክራቸውም ቀላል አይደለም። ፎቶ ሞድን ወደ መኪና ጌም ካስገቡት ቀዳሚዎች አንዱ እ.ኤ.አ. በ2004 መጨረሻ ጃፓን ውስጥ የወጣው ግራን ቱሪስሞ 4 ነው፤ ተጫዋቹ ያነሳውን በዩኤስቢ አውጥቶ በኤፕሰን ማተሚያ ማተም ይችል ነበር። እ.ኤ.አ. በ2017 በግራን ቱሪስሞ ስፖርት የመጣው ስኬፕስ ደግሞ መኪናውን በእውነተኛ ቦታ ፎቶ ውስጥ ያስቀምጠዋል። ፎቶው የብርሃኑን መጠንና የቦታውን ጥልቀት ይዞ ስለተነሳ መኪናው በዚያው ብርሃን ይበራል። ውጤቱ እጅግ ያምራል። እኔን የሚጎድለኝ ግን ካሜራው የቆመበትን ቦታ የመረጠው ሌላ ሰው መሆኑ ነው። መኪናውን አስቀምጣለሁ፣ መሪውን አዞራለሁ፣ መብራቱን አበራለሁ፤ ዞሬ ከግድግዳው ማዶ ማየት ግን አልችልም። ለእኔ የዚህ ሙያ ግማሹ መዞር ነው።

ከብርሃን ቀጥሎ የሚመጣው ክብደት ነው፤ ብዙ ጎበዝ ፎቶ አንሺዎች የሚረሱት ይህን ነው። ለእኔ ይህን ያሳዩኝ የሰፈራችን መካኒክ ናቸው፤ ዕድሜያቸውን በቮልስ ሥር ተኝተው ያሳለፉ ሰው። አንዱን ፎቶ በስልኬ ሳሳያቸው ስለ ብርሃኑም ስለ ከተማውም ምንም አላሉም።

«ልጄ፣ ይሄ መኪና ሰው አልያዘም» አሉኝ።

«በምን አወቁ ጋሼ?»

«የኋላ ጎማውን እየው እንጂ! ሰው ቢኖርበት እንዲህ ይቆማል?»

ነገሩ እንዲህ ነው። የዚያ ዘመን ቢትል የኋላ አክስሉ ከካምቢዮው ግራና ቀኝ እየታጠፈ የሚወዛወዝ ነው። ኋላው ቀለል ሲል ጎማዎቹ ከሥር ወደ ውስጥ ይሰበሰባሉ፤ አራት ሰው ሲጫንበት ከሥር ወደ ውጭ ይከፈታሉ። እሳቸው መኪናውን ከሩቅ አይተው ስንት ሰው እንደያዘ ይገምታሉ። ይህን ያህል የሚያውቅ ተመልካች ብዙ ባይሆንም ማንኛችንም ሸክም የሌለበትን ነገር እናውቃለን። ፎቶው ውስጥ መኪናው የተንሳፈፈ የሚመስለን፣ ሞላው ምንም ሳይሠራ ጎማው መሬቱን ነክቶ ብቻ ስለቆመ ነው።

መፍትሔው የቆመ መኪና አለማንሳት ነው። ጌሞቹ ሞላን በደንብ ያሰላሉ፤ ፍሬን ሲያዝ አፍንጫው ይደፋል፣ ነዳጅ ሲሰጠው ኋላው ይቀመጣል፣ ኩርባ ላይ አካሉ ወደ ውጭ ያዘነብላል። እኔ ወደ ኩርባው እየነዳሁ፣ ፍሬን ይዤ መሪውን ባዞርኩበት ቅጽበት ፎቶ ሞዱን እከፍታለሁ። አፍንጫው ደፍቷል፣ የፍሬን መብራቱ በርቷል፣ የውጭው ጎማ ተጭኖታል። ሥዕሉ ላይ ሹፌር ባይታይ እንኳ አንድ ሰው አንድ ነገር እያደረገ እንደሆነ ይገባል። የግድ ቆሞ የሚነሳ ከሆነ መሪው ይዙር፤ ሲዞርም ወደ ካሜራው የሚመለከተው ቸርኬው እንጂ የጎማው ጥርስ አይሁን። ሣር ላይ አታቁሙት። ሣሩ በላሜራው ውስጥ አልፎ ይወጣል፣ ጎማው የት እንደሚያበቃም አይታወቅም። የተጠቀጠቀ አፈር ወይም አስፋልት ላይ ከጎማው ሥር ያለችው ጠባብ ጥቁር ጥላ ጥርት ብላ ትታያለች፤ መኪናውን መሬት ላይ የምታስረው እሷ ናት።

ስለ ፍጥነት ሲነሳ የፈረንሳዊውን የዣክ አንሪ ላርቲግን ፎቶ ሳላስብ አልቀርም። እ.ኤ.አ. በ1910ዎቹ መጀመሪያ አንድ የሩጫ መኪና ሲያልፍ አነሳው፤ ጎማው ሞላላ ሆኖ ወደ ፊት ያዘነበለ፣ ተመልካቾቹና ምሰሶው ደግሞ ወደ ኋላ ያዘነበሉ ናቸው። የካሜራው መዝጊያ ጠባብ ቀዳዳ ሆኖ ምስሉ በሚቀረጽበት ገጽ ላይ ስለሚያልፍ የምስሉ ላይና ታች የተቀረጹት በተለያየ ጊዜ ነው፤ በዚያ መሃል መኪናው ተንቀሳቅሷል፣ ላርቲግም ካሜራውን እያዞረ ነበር። ጌም ውስጥ እንዲህ ያለ ቀዳዳ የለም። ጌሙ አንድን ቅጽበት አስልቶ ያቆማል፣ ብዥታውን ከዚያ በኋላ መኪናው በነበረው ፍጥነት ልክ ይጨምርበታል። ምን ያህል ብዥታ የሚለውን ግን ለእኛ ስለሚተው ሁሉም ሰው ማስተካከያውን እስከ ጥግ ይገፋዋል።

እኔ በሒሳብ ነው የምወስነው። በሰዓት 60 ኪሎ ሜትር የሚሄድ መኪና በ1/60 ሰከንድ 28 ሴንቲ ሜትር ገደማ ይጓዛል። የቢትል ጎማ ዙሪያው 2 ሜትር ያህል ስለሆነ በዚያ ጊዜ ውስጥ የሚዞረው አንድ ሰባተኛ ዙር ብቻ ነው። ስለዚህ ከመኪናው ጋር እኩል እየሄድኩ ሳነሳ የበር እጀታውና መብራቱ ጥርት ብለው ይቀራሉ፣ ቸርኬው ይደበዝዛል ግን አይጠፋም፣ ከኋላ ያለው ግድግዳ ይጎተታል። ቮልስ በሰዓት 300 ኪሎ ሜትር የሚበር የሚያስመስል ብዥታ ግን መኪናውን ለሚያውቅ ሰው ውሸት ነው። መካኒኩም ቢያዩት አይቀበሉትም።

የጀርባ ማደብዘዣውም እንደዚሁ ልክ ይፈልጋል። በ85 ሚሊ ሜትር ሌንስ፣ በኤፍ 1.4 የሌንስ መክፈቻ፣ ከ5 ሜትር ርቀት በሙሉ ፍሬም ካሜራ ብታነሱ ጥርት ብሎ የሚታየው ወደ 30 ሴንቲ ሜትር የሚጠጋ ጥልቀት ነው። አራት ሜትር ርዝመት ያለው መኪና መብራቱ ጠርቶ በሩ ቀልጦ ይወጣል። ዓይናችን እንዲህ ያለውን ብዥታ ያወቀው ትንንሽ ነገር በቅርብ ስናይ ስለሆነ መኪናው በእጅ የሚያዝ የልጅ መጫወቻ ያህል ያንሳል። በዚያው ሌንስ 10 ሜትር ርቃችሁ ኤፍ 8 ላይ ብታደርጉት ጥርት ያለው ጥልቀት ከ6 ሜትር ይበልጣል፤ ቢትል ሙሉ ለሙሉ ይገባል፣ ሩቅ ያሉት ቤቶች ብቻ ይለሰልሳሉ። ትልቅ ነገር ትልቅ ሆኖ እንዲታይ ብዥታው መቀነስ አለበት።

መኪናውን ከማንሳቴ በፊት አላጥበውም። ጭቃ መንገድ ላይ ከነዳሁት በኋላ የበሩ የታችኛው ክፍል አቧራ ይይዛል፤ አቧራው ነጸብራቁን ስለሚያደበዝዘው ከላይ ያለው ብሩህ ላሜራ ይበልጥ ጎልቶ ይወጣል፣ ከየት እንደመጣም ይናገራል።

ከተነሳ በኋላ የማደርገው ጥቂት ነው፤ ብርሃኑን ማስተካከል፣ ጠርዙን መቁረጥ። ሰማዩን በሌላ ሰማይ መቀየር አሁን በስልክም የሚቻል ሆኗል፤ እኔ አላደርገውም። ጀርባው ላይ የጀምበር መጥለቂያ ብትለጥፉ ኮፋኖው ላይ፣ መስታወቱ ላይና ስፖኪዮው ላይ ያለው የቀትር ሰማይ አብሮ አይቀየርም፤ ፎቶው ውስጥ ሁለት ሰማይ ይኖራል። የሚቻል ከሆነ በ4ኬ ጥራት አንሱና ለስልክ ስክሪን አሳንሱት፤ አራት ነጥቦች ወደ አንድ ሲጨመቁ የላሜራው ጠርዝ ላይ ያለው መሰላል መሳይ መቆራረጥ ይለሰልሳል። ፋይሉን ፒኤንጂ አድርጋችሁ ያዙት። ለወዳጅ በቴሌግራም ስትልኩም እንደ ፎቶ ሳይሆን እንደ ፋይል ላኩት፤ አለበለዚያ ሲጨመቅ መጀመሪያ የሚጠፋው ከጎማው ሥር ያለችው ያቺ ጥላ ናት።