ከነባለቤትዎ

ጥር ለእኛ ቤት የፖስታ ወር ነው። ከጥምቀት ማግስት አንስቶ ዐቢይ ጾም እስኪገባ ባለችው ጠባብ ጊዜ አገሩ ሁሉ ይድራል፤ ያልደረሰለት ደግሞ ፋሲካን ይጠብቃል። ዘንድሮ ተራው የእህቴ ልጅ ሆነ። ካርዱ ከማተሚያ ቤት መጣ፤ ያብረቀርቃል፣ ወርቃማ ነው፣ እኔ ከነበርኩበት የመምህርነት ደመወዝ ጋር ሲነጻጸር ዋጋውን ባልናገር ይሻላል። የተጠሪዎቹን ስም ፖስታው ላይ ማን ይጻፍ ሲባል ሙሽሪት፣ «ቤት ውስጥ በፕሪንተር እናትመዋለን። ጋሼ፣ የአንተን ጽሕፈት እንደሆነ ማንም አያነበውም» አለች። አልተከራከርኩም። ጥቁር ሰሌዳ ላይ ስጽፍ ስንት ዓመት የተሠቃዩ ተማሪዎቼ ምስክሮቿ ናቸው።

ከኢንተርኔት ያወረደችው ቅጽ ከስም በታች መንገድ፣ የቤት ቁጥር፣ ከተማና ዚፕ ኮድ ይጠይቃል። ሜሪላንድና ቨርጂኒያ ላሉት ዘመዶቻችን በደንብ ሞላነው። ለአዲስ አበባዎቹ ምን እንሙላ? ፖስታ ቤት ካለን ከ1886 ዓ.ም. ጀምሮ ነው፤ ደብዳቤ ግን ወደ ፖስታ ሣጥን እንጂ ወደ ሰው በር መሄድ አልለመደም። የሠርግ ጥሪ አድራሻ ስም ብቻ ነው። የቀረውን የሚያድለው ልጅ ያውቀዋል፤ ካላወቀም ጥጉ ላይ በእርሳስ «ከወፍጮ ቤቱ ጀርባ፣ ሰማያዊ በር» ተብሎ ይጻፍለታል። እንግዲህ ፖስታው ላይ ያለው ነገር ስም ብቻ ከሆነ፣ ስሙ ላይ የሚደረግ ስሕተት ሁሉ ትልቅ ነው ማለት ነው። ይህን ግን ያን ምሽት አላሰብኩትም።

ያን ምሽት ያሰብነው ስለ ቀለም ነበር። የቤታችን ፕሪንተር ቀለሙ ፈሳሽ ነው፤ የሚያብረቀርቀው ወረቀት አልጠጣውም አለ። ጣት ያረፈበት ክቡር አቶ ሁሉ ወደ ጎን ተጎተተ። አንዱ የወንድሟ ጓደኛ ከመሥሪያ ቤቱ ሌዘር ይዞ መጣ። ሌዘር ደግሞ ዱቄቱን በሙቀት አቅልጦ ነው ወረቀቱ ላይ የሚያጣብቀው፤ የፖስታውን ክዳን ሙጫም አብሮ አቀለጠልን። አሥራ አንድ ፖስታ ካርዱ ሳይገባበት ታሸገ። የሙሽራው አባት ያመጡት ዝርዝር በድሮ የአማርኛ ሶፍትዌር የተጻፈ ኖሮ፣ ስንከፍተው ዘመድ አዝማዱ ሁሉ የላቲን ፊደል ዝብርቅርቅ ሆኖ ወጣ። ሳቅን። እኩለ ሌሊት አካባቢ ማሽኑ ተገራ፤ ስሞቹን ከኤክሴል እየጠራ ይተፋቸው ጀመር። ለክቡር አቶ እገሌ ከነባለቤትዎ፤ ለክቡር አቶ እገሌ ከነባለቤትዎ። እውነቴን ነው፣ ደስ አለኝ። መስመሩ ቀጥ ያለ፣ ፊደሉ እኩል። ልጅቷ ለመተየብ ስለሚቀላት ኃይሌን ሁሉ ሀይሌ፣ ዓለሙን ሁሉ አለሙ ማድረጓን አይቼ የቀድሞ ሥራዬ ትዝ ቢለኝም፣ በዚያ ሰዓት ስለ ሞክሼ ፊደላት ትምህርት መስጠት ነውር ነበር።

በሳምንቱ የአንድ ሟች ወዳጄ ባለቤት ደወለችልኝ። ዩኒቨርሲቲ አንድ ቢሮ ለረጅም ዓመት ተጋርተናል፤ ከሞተ ሁለት ዓመት አልፎታል፤ ለቅሶው ላይ ነበርኩ፣ አርባውም ላይ ነበርኩ። «ካርዳችሁ ደርሶናል» አለች። «ደርሶናል» ስትል ገና አልገባኝም። «የጠራችሁት እሱን ነው። እኔማ ከነባለቤትዎ ነኝ።» ትስቅ ነበር። ስታበቃ ግን ሁለታችንም ዝም አልን።

ዝርዝሩ የመጣው ከእኔ ነው። ከአምስት ዓመት በፊት ለታላቅየዋ ሠርግ ያዘጋጀሁትን፣ «የጋሼ እንግዶች» የሚለውን ፋይል፣ አንድ ጊዜ እንኳ ከፍቼ ሳላነብ በፍላሽ ሰጠኋት። በማሽኑ አላሳብብም። ማሽኑ የነገሩትን ሠራ።

ድሮ በእጅ ሲጻፍ ሁሉ ነገር ደኅና ነበር የሚሉኝን ወዳጆቼንም አልከተልም። በየሰፈሩ ጽሕፈቱ የሚያምር አንድ ልጅ ነበር፤ እሱም በሻይና በዳቦ ተደልሎ፣ የማያውቃቸውን ሰዎች ስም ሲደረድር ነው የሚያመሸው። «ከነባለቤትዎ»ም የፕሪንተር ፈጠራ አይደለም። የእኛ ሴት ስታገባ ስሟን አትቀይርም፤ የአባቷን ስም ይዛ ትኖራለች፣ ይዛው ትቀበራለች፤ ፈረንጆቹ ሲሰሙ ያደንቁናል። ፖስታ ላይ ስትደርስ ግን ስሟ ይጠፋና «ከነ» ትሆናለች። ይቺ «ከነ» ደግሞ ሌላ የት የት እንደምትገባ ልብ በሉ፤ ከነጫማው አልጋ ላይ ወጣ፣ ዕቃውን ከነካርቶኑ ጣለው። በእጅ ስንጽፈው የኖርነው ነው፤ ማሽኑ ሦስት መቶ አርባ ጊዜ ሳይታክት ደገመልን እንጂ።

ልዩነት የለም ማለቴ ግን አይደለም። የብራና መጻሕፍትን ያየ ሰው ያውቀዋል፤ በጸሎቱ መካከል የመጽሐፉ ባለቤት ስም ብዙ ጊዜ በቀይ ቀለም ይገባል። መጽሐፉ ሲሸጥ ወይም ሲወረስ የፊተኛው ስም በቢላ ይፋቅና በዚያው ቦታ የአዲሱ ባለቤት ይጻፋል። ጣትህን ብታሳልፍበት የተፋቀው ቦታ ሻካራ ሆኖ ይሰማሃል። እዚያ መጽሐፍ ላይ አንድን ስም ለማውጣት ሌላ ሰው ቁጭ ብሎ፣ አንብቦ፣ ማን እንደሄደና ማን እንደመጣ አውቆ መፋቅ አለበት። የኤክሴል መደብ ይህን አይጠይቅህም። ያለፈው ሠርግ ዝርዝር ሳይነካ ለዚህኛው ይሆናል፤ ለሚቀጥለውም። አሁንማ ጥሪውን በቴሌግራም የሚልክም አለ፤ ያ ደግሞ ፖስታም የለው። የሞተ ሰው ስልክም ቢሆን ግን ከዝርዝር ላይ በራሱ አይወጣም።

በማግስቱ ሌሎቹን የራሴን እንግዶች፣ ሰባ ስድስቱን፣ አንድ በአንድ አነበብኩ። ሌላ አንድ ሟች አገኘሁ፤ ደግነቱ የእሱ ፖስታ ገና ልጁ ቦርሳ ውስጥ ነበር። አንድ የተፋቱ ባልና ሚስትም አገኘሁ፤ ለእነሱ ሁለት ፖስታ አስፈለገ፣ ሁለት የተራራቀ ጠረጴዛም።

ለወዳጄ ባለቤት ባዶ ፖስታ ወስጄ፣ በዚያው በመጥፎ ጽሕፈቴ «ለክብርት ወይዘሮ» ብዬ ጀመርኩና ቆምኩ። ስሟ በጸሎቱ ጸ ነው ወይስ በፀሐዩ ፀ? ሠላሳ ዓመት የማውቃት ሴት ናት፤ እጇ ያቀረበውን ስንት ቡና ጠጥቻለሁ። ስሟን ግን ጽፌው አላውቅም። ደወልኩላት።

«በጸሎቱ» አለች። «ምነው? ልትጽፈኝ ነው?»