ጥለቱ የት ሄደ?

የእህቴ ልጅ ልደታ ክፍለ ከተማ በሚገኝ አንድ የወረዳ ጽሕፈት ቤት ፈርማ ካገባች በኋላ፣ በሁለተኛው ሳምንት ፎቶዎቿን ይዛ እቤት መጣች። ስልኩ ከእጅ ወደ እጅ ዞረ። «ውይ ሲያምር!» ተባለ። «ፊቷ እንዴት በርቷል!» ተባለ። ተራው እኔ ዘንድ ሲደርስ መነጽሬን አድርጌ ፎቶውን በሁለት ጣቴ አሰፋሁና ትከሻዋን አየሁ። ነጠላ የለም። ከአንገቷ እስከ ክርኗ ነጭ ወረቀት የተለጠፈባት ትመስላለች። እጥፋት የለው፣ ክር የለው፤ ጥለቱም ግማሹ ተበልቶ ቀጭን አረንጓዴ ጭረት ብቻ ቀርቷል። ያንን ነጠላ እናቷ ሽሮ ሜዳ ሦስት ጊዜ ተመላልሳ ነው ያሠራችው።

«ጋሼ፣ አያምርም?» አለችኝ። እሷን ላለማስከፋት ዝም አልኩ። ለማግባት ለምትዘጋጁት ግን ዝም ማለት አልችልም።

ፎቶ አንሺው ሰዓት ያክብር፣ ትርፍ ባትሪ ይያዝ፣ ቀብዱ በባንክ ይግባለት፣ ፋይሉን መቼ እንደሚያስረክብ በወረቀት ይስፈር። ይህን ሁሉም ያውቀዋል፤ አልፌዋለሁ።

ነጩን እዩ። የኛ ሠርግ ነጭ ነው፤ ሙሽራዋ የሀበሻ ቀሚስ ወይም ቬሎ ትለብሳለች፣ ከጎኗ የቆሙት እናትና አክስቶች ሁሉ ነጠላ ደርበዋል። ፊታችን ደግሞ ጠይም ነው፣ ጥቁር ነው፣ ቀይ ዳማ ነው። ካሜራ ብርሃን ሲለካ ያየውን ነገር ሁሉ መካከለኛ ግራጫ ነው ብሎ ይነሳል። ነጭ ልብስ ሲሞላበት ብርሃን የበዛ መስሎት ያጨልመዋል፤ ፊት ይጠቁራል። ያልበሰለ ፎቶ አንሺ ያኔ ይደነግጥና ብርሃን ይጨምራል። ፊቱ ሲፈካ ነጠላው ይቃጠላል። ዲጂታል ካሜራ ላይ የተቃጠለ ነጭ ውስጥ ደግሞ ምንም የለም። ጨለማ ውስጥ የተደበቀውን በኮምፒውተር ማውጣት ይቻላል፤ የተቃጠለውን ክር ግን የትኛውም ኤዲተር አይመልሰውም።

ስለዚህ ሙያውን የሚያውቅ ሰው መጀመሪያ የሚለካው ነጠላውን ነው። ፊቱን የሚያበራው በሌላ ብርሃን ነው፦ ሙሽሮቹን ወደ መስኮት ያዞራል፣ ፍላሹን ፊት ላይ ሳይሆን ነጭ ግድግዳ ወይም ኮርኒስ ላይ ተኩሶ ለስልሶ እንዲመለስ ያደርጋል፣ ረዳት ካለው ሪፍሌክተር ያስይዛል። ይህን የማያውቀው ቤቱ ገብቶ በኮምፒውተር ፊት ያነጣል። ጠይሟን ልጅ እናቷ እስክትጠራጠር ድረስ ያቀላታል፤ እኛም «ፊቷ በራ» ብለን እናመሰግነዋለን። ነጠላውን ያቃጠለና ፊት ያነጣ ሰው አንዱን ጥፋት በሌላ ጥፋት ሸፈነ እንጂ ፎቶ አላነሳም።

የጠይም ፊት ችግር እኛ ዘንድ ብቻ የተፈጠረ አይደለም። የኮዳክ ኩባንያ ለባለ ቀለም ፎቶ ማተሚያ ቤቶች ይልከው የነበረው ማስተካከያ «ሸርሊ ካርድ» የሚባል የነጭ ሴት ፎቶ ነበር። ለረጅም ዘመን የትክክለኛ ቆዳ መለኪያ እሷ ሆና ስለቆየች ጠይም ፊት ከማሽኑ ሲወጣ ወይ ይጠቁር ወይ ይገረጣ ነበር። ያን ዘመን ማሽኑን መውቀስ ይቻል ነበር። የዛሬው ካሜራ ግን ጠይሙንም ነጩንም አሳምሮ ይይዛል፤ ጥፋቱ የያዘው ሰው ነው።

እኔ ነጩን ማየት የተማርኩት ልደታ ማርያም አካባቢ በነበረች አንዲት ጠባብ ፎቶ ቤት ውስጥ ነው። ባለቤቱን ጋሼ እንላቸው ነበር። ጋሼ የአርመኖቹን ፎቶ አንሺዎች ሥራ በጣም ያከብሩ ነበር። የምኒልክ ቤተ መንግሥት ፎቶ አንሺ የነበረውን ቤድሮስ ቦያጂያንን፣ ሙያውን የወረሱ ልጆቹን ሃይጋዝንና ቶኒን በስም እየጠሩ፣ «የካባውን ጥልፍ እዩ፤ ፊቱን ማንም ያነሳዋል» ይሉን ነበር።

በኔጋቲቭ ፊልም ነገሩ ተገላቢጦሽ ነው። ፊልም ብርሃን ሲበዛበት ይችላል፤ የሚጎዳው ሲያንሰው ነው። ስለዚህ ጋሼ ሲያነሱ የሚለኩት ጥቁሩን ፊት ነበር፣ ነጠላውን ደግሞ ጨለማ ክፍል ገብተው ያወጡታል። በቀይ አምፖል ሥር ወረቀቱ ላይ ፊቱን ስምንት ሰከንድ ካተሙ በኋላ ሁለት መዳፋቸውን ገጥመው በመሃል ትንሽ ቀዳዳ ይተዋሉ። በዚያች ቀዳዳ ብርሃኑን ነጠላው ላይ ብቻ እያንቀሳቀሱ አሥራ ሁለት ሰከንድ ይጨምራሉ። ወረቀቱ መድኃኒቱ ውስጥ ሲገባ መጀመሪያ ፀጉሩ፣ ቀጥሎ ዓይኑ፣ ከሁሉ በኋላ የጥለቱ ጠርዝ ብቅ ይላል። እሱ እስኪወጣ ድረስ ጋሼ ትንፋሻቸውን ይይዙ ነበር።

አንዲት ደንበኛ ፎቶዋን አይታ «ቆንጆ ነው» ብላ ልትከፍል ቦርሳዋን ስትከፍት ጋሼ ከእጇ ወሰዱት። «ሐሙስ ይምጡ» አሏት። እሷ ከወጣች በኋላ ቀደው ጣሉት። ትከሻዋ ላይ የእጄን መዳፍ የሚያህል ባዶ ነጭ ነበር፤ ያተምኩት ደግሞ እኔ ነበርኩ።

በየዓመቱ ግንቦት 1 ቀን ለልደታ ካሜራ አስይዘው ወደ ቤተ ክርስቲያኑ ይልኩን ነበር። ምዕመኑ ሁሉ ነጭ ለብሶ፣ ፀሐይ አናት ላይ ሆና ከዚያ የከበደ ፈተና አልነበረም። ማታ ኔጋቲቩን ብርሃን ላይ ይዘው ያዩና ክር የሌለበትን ያለ አንድ ቃል ወደ ጎን ያደርጉታል።

ወደ ፊርማው ሥነ ሥርዓት ልመለስ። የማዘጋጃ ጋብቻ ጊዜ አይፈጅም። በተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ፣ በአዋጅ ቁጥር 213/1992፣ ተጋቢዎቹ በክብር መዝገብ ሹሙ ፊት ይቆማሉ፤ ከእያንዳንዱ ወገን ሁለት ሁለት ምስክር ይገኛል። ጠረጴዛ፣ መዝገብ፣ የኮርኒስ መብራት፣ ምናልባት አንድ መስኮት። ሙሽራዋ ለመፈረም ጎንበስ ስትል ነጠላው ወደፊት ይወርዳል፤ የቀኑ ፎቶ ያ ነው። ያን ጊዜ ፎቶ አንሺው ከመስኮቱ ወገን መቆሙን እወቁ፤ ከሹሙ ጀርባ ቆሞ ፍላሽ ፊት ለፊት የሚተኩስ ከሆነ ያችን ደቂቃ አጥፍቷታል።

ዋጋውን መቀነስ የሚቻለውም እዚሁ ነው። የመንግሥት መሥሪያ ቤት እሁድ ዝግ ስለሆነ ፊርማው የሚውለው በሥራ ቀን ነው። እሁድ በሠርግ የሚባክነው ጥሩ ባለሙያ ማክሰኞ ጠዋት ነፃ ነው። በጥር እና ከፋሲካ ማግስት ባለው ጊዜ ልትደራደሩት አትችሉም፤ በዓቢይ ጾም የተክሊል ሠርግ ስለሌለ ግን በደስታ ይመጣላችኋል። ሁለት ሰዓት ብቻ ጠይቁት። ቪዲዮውን፣ ድሮኑን፣ ወፍራሙን አልበም ተዉት። «አምስት መቶ ፎቶ እሰጣችኋለሁ» የሚላችሁን እለፉት፤ ያ ሁሉ ፎቶ ለሰባት ሰው ምን ያደርጋል? አርባ በቂ ነው።

ሳምፕል ሲያሳያችሁ ቴሌግራም ላይ መርጦ የለጠፈውን አትመኑ። የአንድ ሙሉ ሠርግ ፋይል ይክፈትላችሁ፤ ሙሽራዋን ትታችሁ ከኋላ የቆሙትን እናቶች ነጠላ እዩ። ለሙሽራዋ ተጠንቅቆ ለእናቶቹ ግድ የሌለው ብዙ ነው።

ቀብድ ከመክፈላችሁ በፊት ደግሞ የምትለብሱትን ነጠላ ይዛችሁ ሂዱ። መስኮት አጠገብ ቁሙና አንድ ፎቶ ያንሳችሁ። ካሜራው ስክሪን ላይ አስፍቶ ትከሻውን ያሳያችሁ። ጥለቱ ላይ ክሩ ከታየ ክፈሉት፤ ካልታየ ነጠላችሁን አጥፋችሁ ወደሚቀጥለው ፎቶ ቤት ሂዱ።