ዳግም
አየር ጤና አካባቢ ስለ አረቄ ሲወራ የሚነሳው እህሉና ጌሾው ነው፤ ዳጉሳው ከየት መጣ፣ ድፍድፉ ምን ያህል ሰነበተ ይባላል። እኔ ግን አረቄን አረቄ የሚያደርገው እሳቱና ቀዝቃዛው ውሃ ነው ባይ ነኝ።

ብዙ ሰው ድፍድፉ ሲፈላ አልኮሉ ብቻ ይወጣል፣ ውሃው ይቀራል ብሎ ያምናል። ንጹህ አልኮል በባሕር ወለል ከፍታ በ78፣ ውሃ በ100 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ይፈላሉ፤ 2,400 ሜትር ገደማ ላይ ባለው ኮልፌ ደግሞ ወደ 71 እና 92 ይወርዳሉ። ሲቀላቀሉ ግን አንዱ ሌላውን ጥሎ አይሄድም። በክብደት ከመቶ 10 እጅ አልኮል ያለው ድፍድፍ መፍላት ሲጀምር ከሚነሳው እንፋሎት ግማሽ ያህሉ ውሃ ነው። እየቆየም ይቀጥናል። ለብዛት ብሎ እስከ መጨረሻው የሚያንጠባጥብ ሰው የለየውን ውሃ መልሶ እየጨመረበት ነው።

እሳቱ ሲበረታ ድፍድፉ ገንፍሎ ቱቦው ውስጥ ይገባል፣ ሥሩም ያርራል፤ የአረረ ሽታ ደግሞ አይለቅም። የባሕር ዛፍ ፍልጥ ቶሎ ይቀጣጠላልና ከአጠገቡ መነሳት አይቻልም። መቀበያው የተነከረበት ውሃ ከሞቀ እንፋሎቱ ሳይጠል በመጋጠሚያው ያመልጣል፣ እሳት ካገኘውም ይያያዛል። ውሃ በፈረቃ በሚመጣበት ሰፈር በርሜሉ ሳይሞላ እሳት መለኮስ የለበትም።

ዳግም የሚባለው የወጣውን መልሶ ማውጣት ነው። ሁለተኛው የሚነሳው ከጠነከረ ፈሳሽ ስለሆነ እንፋሎቱም ይጠነክራል፤ ተጠራቅሞ የሚገኘው ዳግም አረቄ ከመቶ 45 እጅ ገደማ አልኮል ይይዛል። የፊንጫ ስኳር ፋብሪካ ከሞላሰስ ኢታኖል የሚያወጣበት ረጅም ማማም የሚሠራው ይህንኑ ነው፤ እንፋሎቱ ሽቅብ ሲወጣ ደጋግሞ ይጠላል፣ ደጋግሞ ይተናል። እዚያም ቢሆን በክብደት 95.6 በመቶ ላይ ሲደርስ እንፋሎቱና ፈሳሹ እኩል ይሆናሉ፤ ማፍላት ብቻውን ከዚያ አያሳልፍም።

የመጀመሪያውን ጠብታ መድፋት መልካም ልማድ ነው፤ የሚከረፋው ክፍል በብዛት ያለው እዚያ ነው። ሜታኖልን ግን በዚያ አስወገድኩ ማለት አይቻልም፤ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ተበትኖ ይወጣልና። ከእህል ድፍድፍ የሚገኘው ጥቂት ነው። ሰው የሚፈጀው ከፋብሪካ የወጣ ሜታኖል ሲቀላቀልበት ነው፤ ያ ደግሞ በቀለምም በሽታም አይለይም። ምንነቱ ባልታወቀ አልኮል አረቄ የሚያጠነክር ሰው ዕቃዬን እንዲነካ አልፈቅድም።