የሕዝብ ቁጥር ትንበያና የዕድሜ ጥያቄ

የወደፊቱን የሕዝብ ቁጥር አስቀድመው ለመገመት የሚደክሙ ሊቃውንት በተለይ ሁለት መንገዶችን ተከትለዋል። የመጀመሪያው ያለፉትን ቆጠራዎች በአንድ የሒሳብ መስመር አያይዞ መስመሩን ወደ ፊት መቀጠል ነው። ሬይሞንድ ፐርልና ሎዌል ሪድ እ.ኤ.አ. በ1920 በዚሁ መንገድ ሄደው የአሜሪካ ሕዝብ ከ197 ሚሊዮን ገደማ እንደማያልፍ ገለጹ። ለ1930 ያወጡት ግምት ከቆጠራው ጋር እጅግ ስለ ተቀራረበ ብዙዎች አመኑበት፤ በ1970 ግን የተቆጠረው ሕዝብ 203 ሚሊዮን ሆኖ ተገኘ። እርግጥ ነው፥ አዲስ ምክንያት ካልገባ በቀር ብለው ራሳቸው አስጠንቅቀው ነበር። በውጭ አገር ትምህርት ላይ ሳለሁ ያን መስመር ደጋግሜ ሥዬዋለሁ፤ ውበቱ አይካድም። ዳሩ ግን ሰው ስለምን እንደሚወልድና ስለምን እንደሚሰደድ አንዳች አይናገርም።

ሁለተኛውን መንገድ ኤድዊን ካናን በ1895 ለእንግሊዝና ለዌልስ ሞከረው፤ ፓስካል ዌልፕተንም በ1928 ለአሜሪካ ሠራበት። ሕዝቡ በጾታና በዕድሜ ይከፈላል፤ ከየክፍሉ ሟቹ ይቀነሳል፥ ተወላጁና መጤው ይጨመራል። ይህ ያለ ጥርጥር የተሻለ ነው። ነቀፌታዬም ስሌቱ በሚነሣበት በዕድሜ ላይ እንጂ በስሌቱ ላይ አይደለም።

ባላገራችን ዕድሜውን በዓመት ቁጥር አይዝም፤ ደርግ ሲገባ እረኛ እንደ ነበረ፥ ወይም በሰባ ሰባቱ ድርቅ እንዳገባ ይናገራል። ቆጣሪው ያን ወደ አኃዝ ሲመልሰው 30፥ 40ና 50 ዓመት የሞላው ሰው ይበዛል። ይህ በሒሳብ ሊቃና ይችላል። የማይቃናው ሌላ ነው፤ ይኸውም ዕድሜ ከማዕርግ ሲገመት ነው። ያገባችውና የወለደችው ልጃገረድ ከዕድሜዋ ከፍ ተደርጋ ትጻፋለች፤ ያላገባችው እኩያዋ ዝቅ ትላለች። እንግዲህ የልደቱ መጠን ከሥሩ ይዛባል፤ ስሕተቱም በየአምስት ዓመቱ ወደሚቀጥለው ክፍል ይሻገራል። ይህን የሚያውቀው በመንደሩ የተቀመጠ የባህል ተመራማሪ ነው፤ የትንበያ ባለሙያዎች ግን እርሱን መጠየቅ አልለመዱም።

ነገሩ ቀላል አይደለም። ከ2007ቱ የአገራችን ቆጠራ በኋላ ለ2017 የታሰበው ቆጠራ ስለ ተላለፈ፥ ትንበያው ለብዙ ዓመታት በአንድ የዕድሜ ሠንጠረዥ ላይ ቆሟል። ለጥናት በሄድሁበት አንድ መንደር ስለ ሚስቱ ዕድሜ የመለሰልኝ ባልየው ነበር። ሴቲቱ ራሷ በበኵር ልጇ ብታሰላው ስድስት ዓመት ያነሰ ሆኖ ተገኘ።