የሦስት ሰዓቷ ዶርዜ

ከወሎ ሰፈር ሜክሲኮ ለመድረስ፣ መንገዱ ካልተዘጋጋ፣ በታክሲ ግማሽ ሰዓት አይሞላም። በርቀት አብሮኝ ኮድ የሚጽፍ አንድ የውጭ ልጅ ግን በቅርቡ እውነተኛዋ ሜክሲኮ ሄዶ ነበር። ስብሰባችን እስኪጀመር ቪዲዮ አሳየኝ። ካንኩን ከምትባለው የባሕር ዳርቻ ከተማ በሚኒባስ ይነሳሉ፤ «የማያ ባህልና ምግብ፣ ግማሽ ቀን» ነው የጉብኝቱ ስም። አንድ ሽማግሌ እያጨሱ ይመርቋቸዋል። አንዲት እናት የበቆሎ ቂጣ ይጠፈጥፋሉ። በሙዝ ቅጠል ተጠቅልሎ መሬት ውስጥ የበሰለ ሥጋ ከጉድጓድ ይወጣል። ይበላል፣ ፎቶ ይነሳል፣ ዕቃ ይገዛል፣ ወደ ሆቴል ይመለሳል።

ሳቄ መጣ። ምክንያቱም ይሄን ጉብኝት እኔም ሄጄዋለሁ። የእኔው ዶርዜ ነበር።

ፊልም እንገመግማለን፣ መጽሐፍ እንገመግማለን። ጉብኝት ግን ወይ «ምርጥ ነበር» ይባላል፣ ወይ «ለፈረንጅ የተሠራ ድራማ ነው» ተብሎ ይታለፋል። እኔ ሁለቱም አይመስሉኝም። ጉብኝት መጀመሪያና መጨረሻ አለው፣ የሚያሳየውና የሚደብቀው አለው፤ ስለዚህ እንደ ማንኛውም ሥራ ሊገመገም ይገባዋል።

እስቲ ከታሪኩ ልጀምር። ዶርዜ ከአርባ ምንጭ በላይ፣ ወደ ጨንቻ በሚወጣው ጠመዝማዛ መንገድ ላይ ናት። አርባ ምንጭ 1,300 ሜትር ገደማ ላይ ስትሆን ጨንቻ 2,700 ሜትር አካባቢ ነው። ታች በቲሸርት የተነሳ ሰው ላይ ሲደርስ ጃኬት ያምረዋል። መኪናው ሲወጣ አባያና ጫሞ ሐይቆች ከኋላ ይዘረጋሉ፤ በሁለቱ መሐል ያለው መሬት «የእግዜር ድልድይ» ይባላል። ሕፃናት መንገዱ ዳር ቆመው ይጨፍራሉ፣ ይገለባበጣሉ። ከዚያ አንድ ግቢ ትገባላችሁ። የቀርከሃው ቤት ዝሆን ይመስላል፤ ከላይ ሁለት ዓይን፣ ከፊት ኩምቢ የመሰለ መግቢያ። አስጎብኚያችን ወጣት ልጅ ነበር፤ ምስጥ የቤቱን እግር ሲበላው ከሥሩ እየተቆረጠ ቤቱ ከዓመት ዓመት እንደሚያጥር ነገረን። ቀጥሎ እንሰት ሲፋቅ አየን። የቆጮ ቂጣ በእንሰት ቅጠል ተጠቅልሎ ተጋገረ፤ ከማርና ከዳጣ ጋር ቀረበ። በላይ አረቄ ተቀዳ፣ አብረን ጮኸን ጠጣን። ከዚያ ሽመና፣ ከዚያ ጭፈራ፣ በመጨረሻም ሱቅ። ሦስት ሰዓት አይሞላም።

ጥሩ ነበር? አዎ፣ ጥሩ ነበር። ቂጣው ትኩስ ነው፣ ዳጣው ያቃጥላል፣ አስጎብኚው ቀልደኛ ነው። ቆጮን ከክትፎ ጋር ብቻ ለሚያውቅ የአዲስ አበባ ልጅ ከማር ጋር መብላቱ ራሱ ትምህርት ነው።

በእኔ ሙያ አንድ ነገር አለ፣ ዴሞ እንለዋለን። ደንበኛ ሲመጣ የሠራነውን ሲስተም እናሳየዋለን። ዴሞ ውሸት አይደለም፤ የሚታየው ነገር በእርግጥ ይሠራል። ግን የት የት እንደምንጫን አስቀድመን እናውቃለን፤ የሚሰናከልበትን በር አንከፍትም። ዲን ማካኔል የተባለ አሜሪካዊ የማኅበረሰብ ተመራማሪ እ.ኤ.አ. በ1976 ባሳተመው ስለ ቱሪስት በሚያወራ መጽሐፉ የተናገረው ከዚህ ጋር ይቀራረባል፦ ጎብኚ የመድረኩን ጀርባ ማየት ይፈልጋል፤ ስለዚህ ለጎብኚ ተብሎ የተዘጋጀ «የመድረክ ጀርባ» ይሠራለታል። የዶርዜው ጓዳም እንደዚያ ነው። ምድጃው እውነተኛ ነው፣ ጭሱም ዓይን ያስለቅሳል፤ ግን ለእኛ የተነደደ እሳት ነው።

በዚህ አልከስም። እንግዳ ሲመጣ ቤት መጥረግ የሁላችንም ወግ ነው። ጥያቄዬ ሌላ ነው፦ ዴሞው የትኛውን በር ዘጋ?

የመጀመሪያው የተዘጋ በር ጊዜ ነው። እንሰት ሲፋቅ አምስት ደቂቃ አየን፤ ከጎን አስቀድሞ የተብላላ ቆጮ ወጣ፤ በሩብ ሰዓት ቂጣ ሆነ። የቴሌቪዥን የምግብ ዝግጅት በሉት። እውነታው ግን አንድ እንሰት ለምግብ እስኪደርስ፣ በተለይ በደጋ፣ ከአራት ዓመት በላይ ሊቆይ ይችላል። የተፋቀው በቅጠል በተሸፈነ ጉድጓድ ውስጥ ለሳምንታት፣ አንዳንዴም ለወራት ይብላላል። በኢትዮጵያ ወደ 20 ሚሊዮን የሚጠጋ ሕዝብ በዚህ ተክል ይኖራል፤ ሥራው ደግሞ አብዛኛው የሴቶች ነው። የማያዋም እናት እንደዚያው ናቸው። የሚጠፈጥፉት በቆሎ በኖራ ውሃ ተቀቅሎ ሲዘፈዘፍ ያደረ ነው፤ ቪዲዮው ላይ ግን ሌሊቱ የለም። የምግቡ ጥበብ ያለው መጠበቁ ላይ ነው። ጉብኝቱ መጠበቁን ቆርጦ ጣዕሙን ብቻ ይሸጣል።

ሁለተኛው በር ተውላጠ ስም ነው። አስጎብኚያችን የዶርዜ ልጅ ነው። ሲያስረዳን ግን «ዶርዜዎች እንዲህ ያደርጋሉ፣ እነሱ እንዲህ ያምናሉ» ይል ነበር። መሐል ላይ ስልኩ ጮኸና በራሱ ቋንቋ እየሳቀ አወራ። ስልኩን ዘግቶ ወደ እኛ ሲዞር እንደገና «እነሱ» አለ። አልፈርድበትም፤ እኔም ለደንበኛ ሳወራ ድምፄ ይለወጣል። ግን «እነሱ ያምናሉ» የሚለው አነጋገር አንድን ሕዝብ ወደ ዝርዝር ይቀይራል። ዳን ስፐርበር የተባለ ፈረንሳዊ አንትሮፖሎጂስት ዶርዜ ኖሮ አጥንቷል። እ.ኤ.አ. በ1974 ስለ ምልክትና ትርጉም ባሳተመው መጽሐፉ ውስጥ አንድ የታወቀ ምሳሌ አለ፦ ዶርዜዎች ነብር ክርስቲያን ነው፣ ጾም ይጾማል ይላሉ። ረቡዕና ዓርብ ግን ከብታቸውን ከነብር መጠበቃቸውን አይተዉም። የሦስት ሰዓት ጎብኚ ቢሆን «ነብር ይጾማል ብለው ያምናሉ» ብሎ ጽፎ ይሄዳል። ዓርብ ዕለት በረቱን ለማየት እስከ ዓርብ መቆየት ያስፈልጋል።

ሦስተኛው በር ነው ይሄን ጽሑፍ ያስጻፈኝ።

ሽመናው ላይ አንድ ጎልማሳ ሰው ተቀምጠዋል። እግራቸው ጉድጓዱ ውስጥ ነው፣ መወርወሪያው በድሩ መሐል ይመላለሳል። ሌሎቹ ጎብኚዎች ተራ በተራ እየሞከሩ ፎቶ ይነሳሉ። የእኔ ተራ ሲደርስ ማጉን አበላሸሁባቸው። ለማፈሬ ማካካሻ ያህል «ሽመና እዚሁ ከአባትዎ ነው የተማሩት?» ብዬ ጠየቅኳቸው። አስጎብኚው ያለን እንደዚያ ነበራ፤ ወንዶች ከአባታቸው ይማራሉ፣ ሴቶች ይፈትላሉ።

«ሽሮ ሜዳ ነው የተማርኩት» አሉኝ፣ ጥርት ባለ የአዲስ አበባ አማርኛ። «አሥራ አንድ ዓመት ሠርቻለሁ። አንተ ሰፈርህ የት ነው?»

«ወሎ ሰፈር።»

«አውቀዋለሁ። ነጠላ ተሸክሜ ቤት ለቤት ዞሬበታለሁ።»

ከዚያ የሚቀጥለው ሰው ተራ ደረሰና ተነሳሁ።

የጉብኝቱ ትልቁ ስሕተት እዚህ ጋ ነው። ከከተማ አውጥቶ መንደር ይወስደናል፣ «ባህሉ ያለው እዚህ ነው» ይለናል። ባህሉ ግን ከተማ ነበር፣ እኛ ጋ። ጋሞ በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ በዐፄ ምኒልክ ግዛት ሥር ከገባ በኋላ ሸማኔዎቹ ወደ አዲስ አበባ መጡ፤ እንጦጦ ሥር ሽሮ ሜዳን የጥበብ ሰፈር አደረጉት። ለሠርግ የምንለብሰው፣ ለጥምቀት የምናወጣው፣ ለቀብር የምንዘቅዝቀው ነጠላ ብዙው በእነሱ እጅ ያለፈ ነው። ካንኩንም እንደዚሁ ናት። ከ1970ዎቹ (እ.ኤ.አ.) በፊት ባዶ ሊባል የሚችል የባሕር ዳርቻ ነበረች፤ የሆቴል ከተማ ስትሆን ከገነቧትና ዛሬም አልጋ ከሚያነጥፉባት ብዙዎቹ ከዩካታን መንደሮች የመጡ ማያዎች ናቸው። ጓደኛዬ ማያዎችን ለማየት ማያዎች ያነጠፉለትን አልጋ ትቶ በሚኒባስ ሄደ። እኔም ዶርዜን ለማየት ከ400 ኪሎ ሜትር በላይ ተጓዝኩ፤ ዶርዜ በራችንን ሲያንኳኳ ነበር የኖረው።

ለምን አላየሁትም? ይሄን መጻፍ ደስ አይልም። ትምህርት ቤት እያለሁ አባቱ ሸማኔ የሆነ ልጅ ክፍላችን ውስጥ ነበር። ስንጣላ «ቁጢት በጣሽ» አልኩት። ትርጉሙን በደንብ አላውቀውም ነበር፤ እንደሚያም ግን አውቅ ነበር። ስድቡ የቆየ ነው፤ ዐፄ ምኒልክ የእጅ ባለሙያን መስደብ የሚከለክል አዋጅ እስከማውጣት አድርሷቸዋል። አዋጁ እኛ ክፍል አልደረሰም ማለት ነው። ያ ልጅ እዚያው አዲስ አበባ ሲሰደብ፣ ያው ሽመና አርባ ምንጭ በላይ ቲኬት ተቆርጦለት ይጨበጨብለታል። ጥበቡን ወደን ጥበበኛውን የምንንቅ ሰዎች የሦስት ሰዓት ጉብኝት በልካችን የተሰፋ ነው፤ ሰውዬው ጎረቤት ሳይሆን ትርኢት ሆኖ ይቀርብልናል።

ጉብኝቱ ያልነገረን ሌላም አለ። በመስከረም 2011 ቡራዩ ላይ ሰዎች ሲገደሉና ሲፈናቀሉ ከተጎጂዎቹ ብዙዎቹ የጋሞ ተወላጆች ነበሩ፤ ሸማኔዎችም ይገኙባቸዋል። ወሬው አርባ ምንጭ ሲደርስ ወጣቶች ለበቀል ወጡ። የጋሞ ሽማግሌዎች እርጥብ ሣር ይዘው ፊታቸው ተንበረከኩ፤ ልጆቹም ተመለሱ። ያንን ምስል ያኔ ሁላችንም በስልካችን ተቀባብለነዋል። «የዶርዜ ባህል ምንድን ነው?» ለሚል ሰው ከዚህ የበለጠ መልስ አላውቅም። ግን ሱቅ ውስጥ አይሸጥም፣ ከአረቄው ጋርም አይሄድም። አስጎብኚውም ዝም ማለቱ ገብቶኛል፤ ሐዘንን በቀን ሁለት ጊዜ መተረክ ማን ይችላል?

ታዲያ አትሂዱ እያልኩ ነው? አይደለም፣ ሂዱ። የምትከፍሉት ብር ለአንድ ግቢ እንጀራ ነው፤ ያ ወጣት አስጎብኚም ሥራ ፍለጋ እንዳይሰደድ ሊያደርገው ይችላል። የሸማኔውም ወደ አገራቸው መመለስ ምናልባት ከዚሁ ጋር የተያያዘ ይሆናል፤ አልጠየቅኳቸውም። ግን ጉብኝቱን ማስተካከል ለሚችል ሁሉ አንድ ሐሳብ አለኝ፦ ከሽሮ ሜዳ ይጀመር። መጀመሪያ ጨርቁ የሚሸጥበትን፣ ቀጥሎ የሚሸመንበትን ጠባብ ክፍል፣ ከዚያ ለመስቀል ሁሉም የሚጎርፍበትን ያንን ተራራ። ያኔ ቀርከሃ ቤቱ ደጅ ስትደርሱ «እነሱ» አትሉም፤ ቢያንስ አንድ ሰው ታውቃላችሁ።

ጎረቤታችን ካዛንቺስ በ2017 ሲፈርስ አይቻለሁ። አንድ ቀን ደግሞ «የድሮው አዲስ አበባ፣ ግማሽ ቀን» የሚል ጉብኝት ይመጣ ይሆናል። ቡና ይፈላል፣ ፈንድሻ ይበተናል፣ አንድ እናት ቀሚስ ለብሰው ይቀመጣሉ። ያኔ ጎብኚው ጀበናውን ፎቶ አንስቶ ሲወጣ ምን ሳያይ እንደሄደ የምናውቀው እኛ እንሆናለን።

ከዶርዜ በተመለስኩ ማግስት የገዛሁትን ባለ ዱንጉዛ ጥለት ፎጣ ለእናቴ ሰጠኋት። አገላብጣ አየችው፣ ክሩን በጣቷ ፈተሸችው፣ ዋጋውን ጠይቃኝ «ተበልተሃል» አለችኝ። ከዚያ ልጅ እያለሁ ቤታችን ይመጣ ስለነበረው ባለነጠላ ጠየቅኳት። ዝም የምትል መስሎኝ ነበር። ስሙን ከነአባቱ ነገረችኝ። ስንት ልጅ እንዳለው፣ ለመስቀል አገሩ ሲሄድ የቅቤ መግዣ ታበድረው እንደነበር፣ ሲመለስም ሳያጓድል ይከፍላት እንደነበር ነገረችኝ።

«እንዴት እስከዛሬ አልነገርሽኝም?» አልኳት።

«መቼ ጠይቀኸኝ?» አለችና ፎጣውን አጣጥፋ ቁም ሳጥን ውስጥ ከተተችው።