ገንዘብ ያስገጠመው ዘፈን

ኮሪዶ የሚባለው የሜክሲኮ ትረካዊ ዘፈን፣ እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር በ1910 በተነሣው አብዮት ዘመን፣ የሕዝብ ጋዜጣ ነበር። ፊደል ያልቈጠረው ገበሬ የጦርነቱን ወሬ ከዘፋኙ አፍ ይሰማ ነበር።

ኋላ ግን አደንዛዥ ዕፅ አሻጋሪዎችን የሚያወሳው ናርኮኮሪዶ ተነሣ። የሲናሎአው ተወላጅ ቻሊኖ ሳንቼዝ ስማቸው እንዲዘፈን ለሚሹ ሰዎች ዋጋ እየተቀበለ ይገጥም ነበር፤ በ1992 በኩሊያካን ከተማ ከዘፈነ በኋላ ተይዞ ተገደለ። ድምፁ ሻካራ፣ ቃሉም አጭር ነው፤ ከልብ የወጣ ስለሚመስል አድማጭን ይይዛል። ይህን ውበቱን መካድ አይገባም። ነገር ግን ተወዳሹ ራሱ ከፋይ ሲኾን፣ ዘፈኑ ምስክርነቱ ቀርቶ ደረሰኝ ይኾናል።

የብዙዎቹ ናርኮኮሪዶዎች ጉድለትም ይኸው ነው፤ ተኳሹን ሲያሞግሡ መንገድ የከፈተለትን ሹም ይዘነጋሉ። ከ2006 እስከ 2012 የሜክሲኮ የሕዝብ ደኅንነት ሚኒስትር የነበረው ኼናሮ ጋርሲያ ሉና ከሲናሎአ ቡድን ጉቦ በመቀበሉ ኒው ዮርክ ላይ ጥፋተኛ ኾኖ፣ በ2024 ከ38 ዓመት በላይ እስራት ተፈርዶበታል። «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቈጨዋል» እየተባልን ላደግን የመንግሥት ሠራተኞች ይህ ታሪክ እንግዳ ሊመስለን አይገባም።

በዚያው በኩሊያካን ጋዜጠኛው ኻቪየር ቫልዴዝ ስለ ሟቾች፣ ስለ ወላጅ አልባዎችና ስለ ተበከለው ሹመት በግልጽ ጻፈ፤ በ2017 በገዛ ከተማው በጥይት ተገደለ። ለናርኮኮሪዶው ዋጋ የከፈለው ተወዳሹ ነበር፤ ለቫልዴዝ ጽሑፍ ግን የከፈለው ጸሐፊው ራሱ ነው። እንግዲህ ጀግና የሚባለው ማን እንደ ኾነ አንባቢ ይፍረድ።